ከሳሹ ክሱን አነሳ፤ የእኔ ይግባኝስ?

ጥያቄው ባጭሩ ይህ ነው፦ «ሰላም ጋሼ። የምኖረው ባሕር ዳር ነው። ሞተር ጀልባ ገዝቼ ወደ ዘጌና ወደ ክብራን ገብርኤል ሰው አመላልስበት ነበር። ሻጩ ‹ቀሪ ገንዘብ አልከፈለኝም፣ ውሉ ይፍረስልኝ› ብሎ ወረዳ ፍርድ ቤት ከሰሰኝ። ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ ጀልባው ለሻጩ ይመለስ የሚል ትእዛዝ ወጣና አስረከብኩ። በትእዛዙ ላይ ለከፍተኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ አልኩ። ያስቀርባል (ሌላው ወገን ቀርቦ መልስ ይስጥበት) ተብሎ ቀጠሮ ከተያዘ በኋላ ሻጩ ክሱን አነሳ፣ የወረዳው መዝገብም ተዘጋ። አሁን ጠበቃው ‹ዋናው ክስ ስለሌለ ይግባኙም ይዘጋ› ብሎ ጽፏል። ጀልባው ግን እሱ ጋ ነው፣ እየሠራበትም ነው። እኔ ለሞተር ማሠሪያ ያወጣሁትን ገንዘብ በተከሳሽ ከሳሽነት (በዚያው መዝገብ እኔም መልሼ እሱን በመክሰስ) ጠይቄ ነበር፣ እሱም አብሮ ተዘጋ። አሜሪካ ያለ ዘመዴ ደግሞ ‹እዚህ ቢሆን ይግባኝህ አብቅቶለታል› ይለኛል። ምን ላድርግ?»

ሰላም ወንድሜ። አጭሩን መልስ ላስቀድም። ጀልባው እሱ እጅ እስካለ ድረስ ይግባኝህ አልሞተም። ጠበቃው የጻፈው ነገር ለብዙ መዝገብ ይሠራል፣ ላንተ መዝገብ ግን አይሠራም። ለምን እንደማይሠራ ካልገባህ ግን ችሎት ፊት ቆመህ «ይዘጋ» ሲባል «እሺ» ብለህ ልትወጣ ትችላለህ። ስለዚህ ዘርዘር አድርጌ ልንገርህ፣ ትንሽ ታገሰኝ።

መነሻው እንዲህ ነው። ፍርድ ቤት ቁጭ ብሎ የሚዳኘው በሕይወት ያለ ክርክርን ነው። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ላይ ፍርድ የማግኘት መብትን ሲሰጥ በፍርድ ሊወሰን ለሚገባ ጉዳይ ነው የሰጠው። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉም በቁጥር 33 ላይ ከሳሽ ለመሆን በነገሩ ላይ ጥቅም ሊኖርህ ይገባል ይላል። ዳኞች «ጉዳዩ ፋይዳ አጥቷል» ብለው ይግባኝ ሲዘጉ ከዚህ ነው የሚነሱት። ማንም ምንም የማያገኝበትን ነገር ለመወሰን ችሎት አይሰየምም። እስከዚህ ድረስ ጠበቃው ልክ ነው።

የሳተው ቀጥሎ ነው። እሱ የጠየቀው «ዋናው ክስ አለ ወይ?» ብሎ ነው። ፍርድ ቤቱ መጠየቅ ያለበት ግን «ይግባኝ ባዩ ቢያሸንፍ እጁ የሚገባ ነገር አለ ወይ?» ነው። ሁለቱ ብዙ ጊዜ አብረው ስለሚሄዱ ሰው አንድ ይመስሉታል። አንድ አይደሉም።

አብረው ሲሄዱ ምን እንደሚመስል ልንገርህ። ሽምብጥ አካባቢ አንድ ሰው አጥር ሊሠራ ድንጋይ አራግፏል እንበል። ጎረቤቱ ከሰሰውና አጥሩን እንዳይሠራ እግድ አወጣበት። ባለድንጋዩ በእግዱ ተቃጥሎ ቅሬታውን ይዞ ላይ ታች እያለ ሳለ ጎረቤቱ ክሱን አነሳ። እግዱ በክሱ ላይ የተንጠለጠለ ነገር ስለሆነ ክሱ ሲወርድ አብሮ ይወርዳል። ሰውየው በማግስቱ ግንበኛ ጠርቶ አጥሩን ማስጀመር ይችላል። አሁን የበላይ ፍርድ ቤት «እግዱ ስህተት ነበር» ብሎ ቢወስንለት ምን ይጨምርለታል? የልብ እርካታ ካልሆነ በቀር ምንም። እዚህ ላይ መዝገብ መዝጋት ተገቢ ነው።

አንተ ጋ ስንመጣ ነገሩ ይገለበጣል። ያንተ ትእዛዝ «አትንካ፣ አትሽጥ» የሚል ተራ እግድ አልነበረም። ንብረት ካንዱ እጅ ወስዶ ለሌላው የሰጠ ትእዛዝ ነው። ክሱ ሲነሳ ትእዛዙ ወረቀት ላይ ሞተ ብንል እንኳ ጀልባው በራሱ ቀዝፎ ወዳንተ አልመጣም። ሰውየው ሳይፈረድለት፣ ያልከፈልከው ገንዘብ መኖር አለመኖሩ ሳይጣራ፣ በክሱ ሊያገኝ የፈለገውን ነገር ክሱን በማንሳት አገኘ። ዶሮን ሲያታልሏት በመጫኛ ጣሏት ማለት ይሄ ነው። ይግባኙን ብታሸንፍ የምታገኘው ነገር በዓይን የሚታይ ነው፤ ጣና ላይ ሰው ጭኖ እየሄደ ነው።

በነገራችን ላይ ይግባኝህ መጀመሪያውኑ ያስቀርባል የተባለው በዚሁ ምክንያት ይመስለኛል። የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 320 በመሐል በሚሰጡ ትእዛዞች ላይ ይግባኝ አይፈቅድም። የቀጠሮ፣ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ፣ የማስረጃ ይቅረብ አይቅረብ ክርክር ሁሉ ዋናው ፍርድ እስኪመጣ ይጠብቃል፤ ያኔ ከፍርዱ ጋር አብሮ ይነሳል። ሕጉ ግን እዚያው ላይ ጥቂት ነገሮችን ለይቶ አውጥቷል። ሰው እንዲታሰር የሚያዝ ትእዛዝ አንዱ ነው። ንብረት ካንዱ ወደ ሌላው እንዲተላለፍ የሚያዝ ትእዛዝ ሌላው ነው። በእነዚህ ላይ ወዲያው ይግባኝ ይባላል። ለምን? ዋናው ፍርድ እስኪመጣ ቢጠበቅ ጉዳቱ አይመለስማ! ታዲያ ሕጉ «ይህ ዓይነቱ ጉዳት ክሱን አይጠብቅም» ብሎ በር ከከፈተልህ፣ ክሱ ሄደ ተብሎ ያው በር እንዴት ይዘጋብሃል? ይህን መከራከሪያ በጽሑፍ መልስህ ላይ ከላይ አድርገው። ከሁሉ የሚበረታው እሱ ነው ባይ ነኝ።

አሁን ወደ ወረዳው መዝገብ እንመለስ። ብዙ ሰው «መዝገቡ ተዘጋ» ሲባል ሰምቶ ይወጣል እንጂ ምን ተብሎ እንደተዘጋ አያነብም። ክስ ማንሳት በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 278 የሚመራ ሲሆን፣ ሁለት ዓይነት ነው። ልዩነታቸው ደግሞ የሰማይና የምድር ነው።

አንደኛው ከሳሹ ዝም ብሎ ሲያነሳ ነው። ይህን ከሳሽ በማንኛውም ጊዜ ማድረግ ይችላል፣ ማንም አይከለክለውም። ዋጋው ግን ከባድ ነው። በዚያው ነገር ላይ ሁለተኛ ክስ ማምጣት አይችልም፣ ወጪና ኪሳራም ሊወሰንበት ይችላል። ሁለተኛው ከፍርድ ቤቱ ፈቃድ ጠይቆ ሲያነሳ ነው። ክሱ በአቀራረብ ጉድለት የሚወድቅ መሆኑን ወይም ሌላ በቂ ምክንያት መኖሩን ፍርድ ቤቱ ካመነበት፣ እንደገና የመክሰስ ፈቃድ ሰጥቶ ያሰናብተዋል።

ስለዚህ ከሁሉ በፊት መዝገብ ቤት ሂድና የመዝጊያውን ትእዛዝ ግልባጭ አውጣ። ማኅተም ያለበትን። ብዙውን ጊዜ አንድ ገጽ አይሞላም። መጨረሻው ላይ «ትእዛዝ» ከሚለው ቃል በታች ያለውን ጣትህን እያስኬድክ አንብብ። «እንደገና ክስ የማቅረብ መብቱ ተጠብቆለታል» የሚል ወይም ያንን የሚመስል መስመር አለ? ስለ ወጪና ኪሳራ ምን ይላል? ጀልባውን ስላስረከብክበት ትእዛዝ «ተነስቷል» የሚል አለ? ወይስ በቀጥታ «መዝገቡ ተዘግቷል፤ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ» ብሎ ይጨርሳል? እኔ እንደምገምተው የመጨረሻው ነው። ሦስቱም ጥያቄ የሚያመጣው ውጤት የተለያየ ስለሆነ ልክ እንደ ውል አንብበው።

ፈቃድ የሚለው መስመር ከሌለ ሰውየው በቀሪ ክፍያውና በውል ማፍረሱ ተመልሶ ሊከስህ አይችልም። ይህ ማለት ጀልባውን የያዘበት ምክንያት ሁሉ አልቋል ማለት ነው። ፍርድ የለውም፣ ክስ የለውም፣ ክስም ሊያመጣ አይችልም። ውሉ አልፈረሰም፣ ጀልባውም በውሉ መሠረት ያንተ ነው። ከዚህ የበለጠ ለይግባኝህ ምን ትፈልጋለህ?

ፈቃድ የሚለው መስመር ካለ ነገሩ ትንሽ ይከብዳል፣ ግን አይጠፋም። ሁለት ነገር ያዝ። አንደኛ፣ ፈቃድ ተሰጠው ማለት የይርጋ ጊዜ (ክስ የማቅረቢያው የጊዜ ገደብ) ቆመለት ማለት አይደለም። ቁጥር 279 አዲሱ ክስ ሲመጣ ይርጋው የሚታየው የመጀመሪያው ክስ ፈጽሞ እንዳልተመሠረተ ተቆጥሮ ነው ይላል። የውል ይርጋ በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1845 መሠረት 10 ዓመት ስለሆነ ያንተ ሻጭ ገና ጊዜ ይኖረዋል፤ ውሉ የቆየ ቢሆን ግን ይህች ቁጥር ብቻዋን ክሱን ትጥልበት ነበር። ሁለተኛ፣ ፈቃዱ የተሰጠው አንተ ሳትሰማ ከሆነ ወይም ያለ ምንም ምክንያት «ፈቅደናል» ብቻ ተብሎ ከሆነ፣ በዚያ ላይ ራሱን የቻለ ይግባኝ ማቅረብ ያዋጣል ብዬ አምናለሁ። አሁን ያለህ ይግባኝ ስለ ጀልባው ነው። ያኛው ስለ መዝጊያው ትእዛዝ ነው። አንዱ በሌላው ውስጥ አይካተትም። ብዙ ሰው «ይግባኝ ብዬ የለ እንዴ» ብሎ የሚሞኘው እዚህ ላይ ነው።

ቀኑን ቁጠር። ይግባኝ የማቅረቢያው ጊዜ 60 ቀን ነው፣ ቁጥር 323። ካለፈብህ የማስፈቀጃ አቤቱታ ይኖራል፣ በቂ ምክንያት ታሳያለህ። ግን «ጠበቃዬ ረሳው» የሚለው ምክንያት አይሆንም። ሕጉ ራሱ ቁጥር 326 ላይ በጠበቃ ወይም በወኪል ጥፋት ለዘገየ ይግባኝ ፈቃድ አይሰጥም ብሎ ዘግቶታል። ጨካኝ ድንጋጌ ነው፣ እኔ አልወደውም፣ ግን አለ።

ስለ ተከሳሽ ከሳሽነት ክስህ ልምጣ፤ ከጀልባው ቀጥሎ ያናደደኝ እሱ ነው። ሻጩ ማንሳት የሚችለው የራሱን ክስ ነው። ያንተን ማንሳት አይችልም። የተከሳሽ ከሳሽነት ክስ በመከላከያ መልሱ ወረቀት ላይ ተጽፎ ስለሚቀርብ የመልሱ ጭራ ይመስላል እንጂ፣ በራሱ ክስ ነው። ዳኝነት ከፍለህበታል፣ ሻጩ መልስ እንዲሰጥበት ታዟል። የሻጩ ክስ ሲነሳ እሱ ተከሳሽ አንተ ከሳሽ ሆናችሁ መዝገቡ ይቀጥላል እንጂ አይዘጋም። አብሮ ከተዘጋብህ ስህተት ተሠርቷል። ይህን ስህተት መጀመሪያ ለዚያው ለወረዳ ፍርድ ቤቱ በአቤቱታ አሳይ፤ «የተከሳሽ ከሳሽነት ክሴ ውሳኔ ስላላገኘ የተዘጋው መዝገብ ተንቀሳቅሶ ክርክሩ ይቀጥልልኝ» በል። እምቢ ከተባልክ እምቢታውን በጽሑፍ ተቀበል። በዚህ መሐል ግን 60 ቀኑ እንዳያልፍብህ፤ አቤቱታው ስለቀረበ ቆጠራው ቆመ ብለህ አትተኛ።

እዚህ ላይ መቸኮል ያለብህ ሌላም ምክንያት አለ። የሞተር ማሠሪያውን የጠየቅከው «ሲሸጥልኝ ጉድለት ነበረበት» ብለህ ከሆነ፣ የሽያጭ ሕጉ ገዢ በጉድለት ላይ ተመሥርቶ የሚያቀርበውን ክስ ጉድለቱን ለሻጩ ካስታወቀበት ጊዜ ጀምሮ በአንድ ዓመት ውስጥ እንዲያቀርብ ነው የሚጠብቀው። 10 ዓመት አለኝ ብለህ መዝገቡን ለሌላ ጊዜ ካስተላለፍከው፣ በኋላ አዲስ ክስ ስታመጣ ጊዜ አልፎብህ ልትገኝ ትችላለህ። ለዚህ ነው አዲስ ክስ ክፈት ሳልልህ የድሮው ይቀጥል በል የምልህ።

አሁን ሰውየው ለምን እንዳነሳ ላስብ። አንተ ጥያቄህ ላይ አልጻፍከውም፣ ግን ቅደም ተከተሉ ይናገራል። ጀልባውን አገኘ። አንተ ይግባኝ አልክ። ከፍተኛ ፍርድ ቤቱ «ያስቀርባል» አለ፤ ይህ ማለት ዳኞቹ ትእዛዙን አይተው የሚያጠያይቅ ነገር አለበት ብለዋል ማለት ነው። ወዲያው ክሱ ተነሳ። ይህ በባሕር ዳርም በሌላውም ቦታ የታወቀ ዘዴ ነው። የሚያስፈራ ውሳኔ ሊመጣ ሲል መሬቱን ከሥሩ ስቦ ማውጣት። ጠበቃው ከጥፋት አይቆጠርበትም፣ ደንበኛውን እያገለገለ ነው። ግን አንተም «ክሱ የተነሳው ይግባኙን ለማምለጥ ነው» ብለህ ቀኖቹን ደርድረህ ለችሎቱ ማሳየት አለብህ። የትእዛዙ ቀን፣ የርክክቡ ቀን፣ ያስቀርባል የተባለበት ቀን፣ ክስ የማንሳት ማመልከቻው የገባበት ቀን። አራቱን ቀን በአንድ አንቀጽ ጻፋቸው። ሌላ ስድብም ምሬትም አያስፈልግም፤ ዳኛ ቀን ማንበብ ይችላል።

የአሜሪካው ዘመድህ ያለህ ነገር ከፊሉ እውነት ነው፣ ከፊሉ ግን እዚያም አይሠራም። እዚያ የፌዴራል ፍርድ ቤቶች በሕገ መንግሥታቸው ሦስተኛ አንቀጽ የተነሳ ሕያው ክርክር ከሌለ የመወሰን ሥልጣን የላቸውም። በዚህ ከእኛ ይበልጥ ጥብቅ ናቸው። ግን ይግባኙን ዘግተው ዝም አይሉም። በ1950 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር የተወሰነ፣ ሙንሲንግዌር ከተባለ የልብስ አምራች ድርጅት ጋር መንግሥት የተካሰሰበት አንድ መዝገብ አለ። መንግሥት በዋጋ ቁጥጥር ደንብ ከሶ ተረታና ይግባኝ አለ። ይግባኙ ሳይሰማ ዕቃው ከዋጋ ቁጥጥር ወጣ። ይግባኙ ፋይዳ አጣ ተብሎ ተዘጋ። በኋላ መንግሥት ካሳውን ልጠይቅ ሲል «በመጀመሪያው ፍርድ ተረትተሃል፣ ነገሩ አልቋል» ተባለ። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ምን አለ? ይግባኙ ፋይዳ ሲያጣ የሥር ፍርዱ እንዲሰረዝልህ መጠየቅ ትችል ነበር፣ አልጠየቅክም፣ ስለዚህ ከነፍርዱ ቀረህ። በዚያው አቆጣጠር በ1994 ደግሞ ሌላ መዝገብ ላይ፣ የተረታው ወገን ራሱ ታርቆ ይግባኙን ከንቱ ካደረገው በኋላ ፍርዱ ይሰረዝልኝ ቢል እንደ ደንቡ አይሰማም አሉ።

ይህ የእኛ ሕግ አይደለም፣ ችሎት ላይ ጠቅሰህም አታሸንፍበትም። የነገርኩህ ግን ያለ ምክንያት አይደለም። እዚያም ቢሆን ይግባኝ ፋይዳ ሲያጣ «ትእዛዙስ ምን ይሁን?» የሚለው ጥያቄ ለብቻው ይታያል፣ ካልጠየቅክም ማንም አይጠይቅልህም። ለነገሩ ያንተ ሻጭ በዚያም አገር ቢሆን አይመቸውም፤ ነገሩን ከንቱ ያደረገው ራሱ ነውና።

እና ከፍተኛ ፍርድ ቤት ስትቀርብ ምን ትላለህ? «ይግባኙ አይዘጋ» ብቻ ብለህ አትቁም። ዳኛው «እሺ ምን እንወስንልህ?» ቢልህ የተዘጋጀ መልስ ይኑርህ። እንዲህ በል፦ ጀልባውን ለመልስ ሰጪ ያስረከበው ትእዛዝ ይሻር፤ ጀልባው ከነሞተሩና ከነመለዋወጫው በርክክቡ ጊዜ በነበረበት ሁኔታ ይመለስልኝ፤ የይግባኙ ወጪና ኪሳራ ይከፈለኝ። ቀጥለህ አማራጭ አስቀምጥ፦ ችሎቱ ጉዳዩ ፋይዳ አጥቷል ብሎ የሚያምን ከሆነ እንኳ፣ ዋናው ክስ በመነሳቱ የማስረከቢያው ትእዛዝ ቀሪ መሆኑን በግልጽ ጽፎ፣ ጀልባው እንዲመለስ ለሥር ፍርድ ቤቱ ይታዘዝልኝ። ይህ አማራጭ ያስፈልግሃል። ዳኛው ይግባኙን መዝጋት ፈልጎ ቢሆን እንኳ ባዶ እጅህን እንዳትወጣ ነው። «መዝገቡ ተዘግቷል» የምትል ብቸኛ መስመር ይዘህ ከወጣህ፣ ሻጩ ነገ ወደብ ላይ «ይኸው ይግባኙም ወድቋል» እያለ ያሳይብሃል።

ጎን ለጎን ደግሞ ወረዳ ፍርድ ቤቱ የራሱን ትእዛዝ እንዲያጸዳ ጠይቅ። ትእዛዙን የሰጠው እሱ ነው፣ ክሱንም የዘጋው እሱ ነው፣ ጀልባው የት እንደቀረ መጠየቅ የእሱ ሥራ ነበር። አንዳንድ ጊዜ ነገሩ በዚህ አንድ ገጽ አቤቱታ ያልቃል። ዳኛው መዝገቡን አስቀርቦ «ለካ ይሄ ቀርቷል» ብሎ በዚያው ሳምንት መመለሻ ትእዛዝ ሊጽፍልህ ይችላል። ያኔ ይግባኝህ በእውነት ፋይዳ ያጣል፣ አንተም ደስ ብሎህ ይዘጋልኝ ትላለህ። ጀልባው ሳይመለስ ግን እንዳታነሳው።

አንድ የሚያሰጋኝ ነገር አለ። ሰውየው ጀልባውን ለሦስተኛ ሰው ቢሸጠውስ? ክስ የለም፣ እግድ የለም፣ ማን ይከለክለዋል? በቅን ልቦና የገዛ ሰው መሐል ከገባ ነገርህ ከአሁኑ እጥፍ ይከብዳል። ስለዚህ ይግባኙ ባለበት መዝገብ ላይ ወይም የተከሳሽ ከሳሽነት ክስህ ከተንቀሳቀሰ በዚያ ላይ፣ ጀልባው እንዳይሸጥና እንዳይለወጥ እግድ ጠይቅ። ክርክር ያለበት ንብረት የመጥፋት፣ የመበላሸት ወይም ወደ ሌላ የመተላለፍ አደጋ ሲኖርበት እግድ እንደሚሰጥ ቁጥር 154 ይናገራል። ማመልከቻህን በቃለ መሐላ ደግፈው። ጀልባው እየሠራ መሆኑን የሚያሳይ ፎቶ ካለህ አያይዝ፣ ጎኑ ላይ የተጻፈው ስምና ቁጥር ይታይ።

የቀረብህ ገቢስ? ይህን ብዙ ሰው ይረሳዋል። ከመስከረም እስከ ጥምቀት ያለው ጊዜ ለጀልባ ሥራ ምን ማለት እንደሆነ ለአንተ አልነግርህም። ያለ አግባብ በተያዘብህ ንብረት የደረሰ ጉዳት ይካሳል። ፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2028 በጥፋቱ ሌላውን የጎዳ ይክፈል ይላል፣ ቁጥር 1149 ደግሞ ይዞታው የተነጠቀ ሰው ዕቃው እንዲመለስለትና ለጉዳቱ እንዲካስ መጠየቅ እንደሚችል ይናገራል። የ1149ኙ ጥያቄ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ይታገዳል። እርግጥ ሻጩ «እኔ አልነጠቅኩም፣ ፍርድ ቤት ነው የሰጠኝ» ይልሃል። ይህ መከላከያ ክሱ እስከተነሳበት ቀን ድረስ ሊያስኬደው ይችል ይሆናል። ከዚያ ቀን በኋላ ግን ምንም የሚደገፍበት ወረቀት የለውም። ስለዚህ ዛሬውኑ ጀልባውን እንዲመልስ በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ስጠው፣ መቀበሉን የሚያሳይ ነገር ያዝ። ከማስጠንቀቂያው በኋላ ያለው እያንዳንዱ የሥራ ቀን ለካሳው ጥያቄህ መሠረት ይሆናል። ገቢህን የምታስረዳው በወሬ አይደለም። የወደቡ የተራ መዝገብ፣ የነዳጅ ደረሰኝ፣ ካስጎብኚዎች ጋር የተጻጻፍከው ሁሉ አሁን ይሰብሰብ። ይህ ካሳ ግን በይግባኙ ላይ የሚወሰን አይደለም፣ በራሱ ክስ ነው የሚጠየቀው። ይግባኙ ላይ ብትደባልቀው «አዲስ ነገር ነው» ተብሎ ይመለስብሃል።

ሽማግሌ ገብቶ ከሆነም ንገረኝ። ብዙ ጊዜ እንደዚህ ድንገት ክስ ሲነሳ ከኋላው እርቅ ይኖራል፣ ወይም «አንሳውና እንታረቅ» የሚል ወሬ ይኖራል። እርቅ ጥሩ ነው፣ እኔም ደጋፊው ነኝ። ግን በሥነ ሥርዓት ሕጉ ከቁጥር 274 ጀምሮ እንደተጻፈው፣ ስምምነቱ ተጽፎ ለፍርድ ቤቱ ቀርቦ ቢመዘገብ ነው ጉልበት የሚኖረው። በቃል «ጀልባውን እመልሳለሁ፣ አንተም ይግባኙን ተወው» ከተባባላችሁ መጀመሪያ ጀልባው ይመለስ፣ ከዚያ ይግባኙ ይነሳ። ቅደም ተከተሉን እንዳታገላብጠው። አንተ ይግባኙን ካነሳህ በኋላ ሽማግሌዎቹን ምስክር ብትጠራ፣ እነሱም ዘመድ ናቸው፣ ይከብዳቸዋል።

ሌላ ሰው ይህን አንብቦ «የእኔስ?» እንዳይል ሁለት ነገር በፍጥነት ልጨምር። ዋናው ፍርድ ተሰጥቶ ይግባኝ ላይ ያለ ጉዳይ ከዚህ ይለያል። ከሳሹ ተረትቶ ይግባኝ ካለ በኋላ «ክሴን አንስቻለሁ» ብሎ የተረታበትን ፍርድ ማጥፋት የሚችል አይመስለኝም፤ ማንሳት የሚችለው ይግባኙን ነው፣ ያኔ የሥር ፍርዱ ጸንቶ ይቀራል። ከሳሹ ረትቶ ተከሳሹ ይግባኝ ካለ ደግሞ ፍርዱ እስካለ ድረስ ይግባኙም አለ። ሁለተኛ፣ የወንጀል ጉዳይ ሌላ ዓለም ነው። ክሱን የሚያነሳው ዐቃቤ ሕግ ነው። ዋስትና ተከልክሎ በዚያ ላይ ይግባኝ ያለ ሰው ክሱ ተነስቶ ከተፈታ፣ የዋስትና ይግባኙ ምንም የሚሰጠው ነገር ስለሌለ ይዘጋል። ካልተፈታ ግን ያንተው ጥያቄ ይመለሳል።

ቀጠሮህ መቼ እንደሆነ አልጻፍክም። ቅርብ ከሆነ የመዝጊያውን ትእዛዝ ግልባጭ ነገ ጠዋት አውጣ፤ «መዝገቡ አልተመለሰም» ካሉህ ሬጅስትራሩን በጽሑፍ ጠይቅና የጠየቅክበትን ቅጂ ያዝ። የጠበቃው መልስ የሚጠቅሰውም፣ ያንተ መከራከሪያ የሚያርፈውም እሱ ወረቀት ላይ ነው። ፈቃድ የሚለው መስመር ካለበትና እንዴት እንደምትመልስ ከተቸገርክ፣ ስምና ቁጥሩን ሸፍነህ ቃሉን ብቻ ጻፍልኝ፣ አየዋለሁ።